ማካሮኒ በነጭ ስጎና በክራብ ስቲክ፦ ለስድስት ሰው የሚበቃ፣ ወጪው የማይከብድ የኦቨን ምግብ

ክራብ ስቲክ፣ ሸርጣን እንዲመስል ከነጭ ዓሣ የሚሠራው፣ ከፋብሪካ ሲወጣ ጀምሮ የበሰለ ነው። በዚህ ምግብ ላይ የሚደርሰው ጥፋት አብዛኛው የሚመጣው ይህን ከመርሳት ነው። እንደ ጥሬ ዓሣ ይቆጠርና ከሽንኩርት ጋር ይቁላላል፣ ቀጥሎ ስጎ ውስጥ ይንተከተካል፣ በመጨረሻም ኦቨን ይገባል። ሦስት ጊዜ እሳት የነካው ክራብ ስቲክ ውሃውን ይጥልና ይጠነክራል፤ የጣለው ውሃ ደግሞ የለፋችሁበትን ስጎ ያቀጥነዋል። ስለዚህ ከዚህ በታች ያለው አሠራር በሙሉ በአንድ ነገር ዙሪያ ነው የሚዞረው፦ ማካሮኒው፣ አትክልቱና ስጎው አስቀድመው ይጠናቀቃሉ፤ ክራብ ስቲኩ መጨረሻ ላይ ገብቶ፣ መሃል ላይ ተሸፍኖ፣ ይሞቃል እንጂ አይበስልም።

መጠኑ የተለካው 20 በ30 ሴንቲ ሜትር ለሆነ፣ 5 ሴንቲ ሜትር ጥልቀት ላለው የላዛኛ መጋገሪያ ነው። 250 ግራም ክራብ ስቲክ ስድስት ሰው ያበላል፤ ምክንያቱም ጣዕሙን የሚሸከመው ስጎው፣ ሆድ የሚሞላው ደግሞ ማካሮኒው ነው። ድሬዳዋም ሐረርም የሚገኝ ዕቃ ነው የሚበዛበት፤ ልዩ ሆኖ የሚፈለገው ክራብ ስቲኩ ብቻ ነው። እሱም ሁልጊዜ ስለማይገኝ፣ በጣሳ ቱና እንዴት እንደሚተካ ወደ ኋላ ተጽፏል።

ክራብ ስቲኩን ስትገዙ

ስሙና ቀለሙ ሸርጣን ይምሰል እንጂ ሥጋው የነጭ ዓሣ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ አላስካ ፖሎክ የሚባለው። ዓሣው ይፈጫል፣ በቀዝቃዛ ውሃ ደጋግሞ ይታጠባል፣ ከዚያ ስታርች፣ የእንቁላል ነጭ፣ ስኳር፣ ጨውና የሸርጣን ጣዕም ይገባበታል። ተቀርጾ፣ አንድ ጎኑ ቀይ ተቀብቶ፣ በእንፋሎት በስሎ ይታሸጋል። ጣፋጭነቱ ከስኳሩ ነው፤ ይህን ማወቅ ቅመም ስትመርጡ ይጠቅማል።

ፓኬቱ ላይ ያለውን የይዘት ዝርዝር አንብቡ። መጀመሪያ የተጻፈው በብዛት ያለው ነው። መጀመሪያ ላይ ዓሣ ወይም ሱሪሚ (ተፈጭቶ የታጠበው ዓሣ) የሚል ከሆነ ጥሩ ነው፤ ውሃና ስታርች ከቀደሙ ግን ኦቨን ውስጥ ይላላና ይለጠልጣል፣ ቁራጩ ቁራጭ ሆኖ አይወጣም። በዋጋው ረከስ ያለ ስለሆነ ብቻ ይህን ዓይነቱን መግዛት ትርፍ የለውም።

ዝርዝሩ የሚነበብበት ሌላም ምክንያት አለ። አንዳንዱ ምርት እውነተኛ የሸርጣን ጭማቂ ይገባበታል፤ ክንፍና ቅርፊት የሌለውን የባሕር እንስሳ ለማይበላ ክርስቲያን ይህ ለውጥ ያመጣል። አንዳንዱ ደግሞ ለጣዕም ተብሎ ወይን ወይም ሚሪን የሚባል የሩዝ መጠጥ ይጨመርበታል፤ ሙስሊም እንግዳ የሚያስተናግድ ሰው ሐላል የሚለውን ምልክት ይፈልግ። እንቁላል፣ ስንዴ፣ አኩሪ አተርና ዓሣ የማይስማማው ሰው ካለ ደግሞ ይህ ምግብ ለእሱ አይቀርብም። ወተትና እንቁላል ስላለበት የፍስክ ምግብ ነው፤ ለረቡዕና ለዓርብ አይሆንም።

ፓኬቱን በእጃችሁ ዳስሱት። ጠንካራና ደረቅ መሆን አለበት። ውስጡ ትልልቅ በረዶ የጋገረበት፣ ስቲኮቹ እርስ በርስ ተጣብቀው አንድ የሆኑበት ፓኬት መንገድ ላይ ቀልጦ እንደገና የቀዘቀዘ ነው፤ መልሱት። መብራት ደጋግሞ በሚጠፋበት ወቅት ይህ ይበዛል። ከሱቅ እስከ ቤት ደግሞ በድሬዳዋ ፀሐይ በባጃጅ 20 ደቂቃ ቀላል አይደለም፦ በረዶ ያደረገ ውሃ በላስቲክ ጠርሙስ ይዛችሁ ሂዱና ከፓኬቱ ጋር በጋዜጣ ጠቅልሉት።

የሚያስፈልገው

ለማካሮኒው፦ 300 ግራም አጭር ማካሮኒ፣ 3 ሊትር ውሃ፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ጨው።

ለስጎው፦ 1 ሊትር ወተት፣ 60 ግራም የገበታ ቅቤ (ወደ 4 የሾርባ ማንኪያ)፣ 60 ግራም የፉርኖ ዱቄት (ለጥ ብሎ የተሞላ 7 የሾርባ ማንኪያ)፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ ሩብ የሻይ ማንኪያ የተፈጨ ቁንዶ በርበሬ፣ በጣት ጫፍ የተቆነጠረ ገውዝ።

ለመሃሉ፦ 250 ግራም ክራብ ስቲክ፣ 1 መካከለኛ ቀይ ሽንኩርት፣ 2 ፍሬ ነጭ ሽንኩርት፣ 1 ካሮት፣ 2 ቃሪያ።

ለላዩ፦ 120 ግራም የሚቀልጥ ቺዝ፣ 4 የሾርባ ማንኪያ የደረቀ የዳቦ ፍርፋሪ፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ዘይት።

ለገበታው ሎሚና ሰላጣ። ቢስባስ (የሚያቃጥል የቃሪያ ማባያ) ቤት ውስጥ ካለ ከዚህ ምግብ ጋር ይሄዳል።

ስለ አንዳንዶቹ ማለት የሚገባ ነገር አለ። ቅቤው ያልተነጠረና ያልተቀመመ ይሁን፤ ኮሰረትና ኮረሪማ የገባበት ቅቤ ለወጥ እንጂ ለነጭ ስጎ አይሆንም፣ የዓሣውን ጣዕም ሙሉ በሙሉ ይውጠዋል። የገበታ ቅቤ ውድ ሆኖ ከተገኘ 50 ሚሊ ሊትር የሱፍ ዘይት ይተካዋል። ዘይቱ በመጠን የሚያንሰው ቅቤ ውስጥ ውሃም ስላለ ነው።

ወተቱ የላም ከሆነና ከሻጭ እጅ በጥሬው የተገዛ ከሆነ መጀመሪያ ይፈላ። በሙቀቱ ወራት ጠዋት የታለበ ወተት ከሰዓት በኋላ ሳይሸትም ሊያስቸግር ይችላል። ሁሉንም ከማፍሰሳችሁ በፊት ሁለት ማንኪያ በትንሽ ዕቃ አፍልታችሁ ሞክሩ፤ ከተቆራረጠ ለስጎ አይሆንም። የዱቄት ወተት ይህን ስጋት ያስቀራል፤ 130 ግራም ሙሉ ቅባት ያለው ዱቄት በ900 ሚሊ ሊትር ውሃ ሲበጠበጥ አንድ ሊትር ገደማ ይሰጣል። ዱቄቱን መጀመሪያ ለብ ባለ ጥቂት ውሃ አሹት፣ ከዚያ ቀሪውን ጨምሩ፤ በአንዴ ከተደፋ ይጓጉላል። የግመል ወተትም ይሠራል። ጨው ጨው የሚል ስለሆነና በጭስ በታጠነ ዕቃ የመጣው የጭስ ጣዕም ስለሚይዝ፣ የስጎውን ጨው ሙሉ በሙሉ ተዉትና መጨረሻ ላይ ቅመሱ። ጭሱ ከዓሣ ጋር ይስማማል።

ቺዙ ፕሮቮሎኔ፣ ሞዛሬላ ወይም ጎዳ ይሁን። የሦስት ማዕዘን ቺዝ ብቻ ካለ ስጎው ውስጥ ማሟሟት ይቻላል፣ ላዩን ግን አያቀላውም። የአገራችን አይብ ለዚህ ቦታ አይሆንም፤ አሬራው ጎምዝዞ በሙቀት የረጋ ስለሆነ እሳት ሲነካው ይደርቃል እንጂ አይቀልጥም፣ ስጎ ውስጥ ሲገባም ይሻክራል።

ማቅለጥና መቁረጥ

ክራብ ስቲኩን ማታ ከፍሪዘር አውጡና ፍሪጅ ውስጥ አሳድሩት። ጊዜ ካጠረ፣ ሳይከፈት በሌላ ፌስታል ታስሮ በረዶ የተጨመረበት ውሃ ውስጥ 30 ደቂቃ ይቀመጥ። የድሬዳዋ የቧንቧ ውሃ በቀን ለብ ብሎ ስለሚመጣ ያለ በረዶ አይሆንም። ጠረጴዛ ላይ አስቀምጦ መጠበቅ ፈጽሞ አይገባም፦ የክፍሉ ሙቀት ከ32 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ ከሆነ እንዲህ ያለ ምግብ ከፍሪጅ ውጪ ከአንድ ሰዓት በላይ መቆየት የለበትም። አንዴ ከቀለጠም ወደ ፍሪዘር አይመለስም።

ብዙው ምርት እያንዳንዱ ስቲክ ለብቻው በስስ ላስቲክ የተጠቀለለ ነው። ላስቲኩ ግልጽ ስለሆነ በቀላሉ አይታይም፤ አንድ በአንድ ልጣችሁ ቁጠሩት። ከዚያ በንጹሕ ጨርቅ ወይም ሶፍት ጨምቃችሁ ሳይሆን ዳበስ ዳበስ አድርጋችሁ ውሃውን አድርቁ። 2 ሴንቲ ሜትር በሚሆን ርዝመት ቁረጡትና ወደ ፍሪጅ መልሱት። ከዚህ ያነሰ ቁራጭ ስጎ ውስጥ ይበታተናል፣ ከዚህ የበለጠው ደግሞ ለስድስት ሰው እኩል አይዳረስም።

ማካሮኒው

ፓኬቱ ላይ የተጻፈው ደቂቃ ውሃ በ100 ዲግሪ ለሚፈላበት አገር ነው። ድሬዳዋ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 1,200 ሜትር ላይ ስለሆነች ውሃ በ96 ዲግሪ አካባቢ ይፈላል፤ ሐረር ወደ 1,850 ሜትር ላይ ናትና እዚያ ወደ 94 ይወርዳል። አንዱ ማካሮኒ ሁለቱ ከተሞች ላይ እኩል ሰዓት አይወስድም ማለት ነው፤ የሐረሩ ድስት ትንሽ ይዘገያል። ስለዚህ ሰዓቱን ተዉትና በጥርስ ፈትኑት። ከ6ኛው ደቂቃ ጀምሮ አንድ ፍሬ እያወጣችሁ ንከሱ። መሃሉ ላይ ነጭ ነጥብ እየታየ፣ ግን ሲነከስ የማይሰበር ሲሆን አውርዱት። ጥሬ የመሰለው ይህ ቀሪው ብስለት ኦቨን ውስጥ ከስጎው ውሃ እየጠጣ ይሟላል። ድስቱ ውስጥ ሙሉ በሙሉ የበሰለ ማካሮኒ ኦቨን ሲገባ ያብጥና ይፈርሳል።

አጥልሉት፣ በቀዝቃዛ ውሃ ግን አትለቅልቁት። ላዩ ላይ የቀረው ስታርች ነው ስጎውን የሚይዘው። እንዳይጣበቅ ትሪ ላይ በትኑትና አንድ የሻይ ማንኪያ ዘይት አሹበት። የተቀቀለበትን ውሃ አንድ ብርጭቆ ያህል አስቀምጡ፤ ስጎው ከወፈረ ማቅጠኛ ይሆናል።

ስጎው

እዚህ ላይ ጊዜ ስጡ። ሌላው ሁሉ ቢያምር ስጎው ካልተሳካ ምግቡ አይድንም።

ወፍራም ድስት በመካከለኛ እሳት አሙቁና ቅቤውን አቅልጡ። ሽንኩርቱን ደቅቆ፣ ካሮቱን በመፈቅፈቂያ ተፈቅፍቆ ጨምሩ። ለወጥ እንደለመድነው እስኪቀላ አይደለም፤ ለስልሶ ብርሃን እስኪያሳልፍ ብቻ፣ 6 ወይም 7 ደቂቃ። ከቀላ ስጎው ቡናማ ይሆናል፣ ጣዕሙም ወደ ወጥ ያደላል። ነጭ ሽንኩርቱንና ፍሬው የወጣለትን ቃሪያ ጨምሩና አንድ ደቂቃ ብቻ አቆዩ። ቃሪያው እዚህ ያለው ለማቃጠል ሳይሆን የክራብ ስቲኩን ስኳር ለመስበር ነው፤ ሕፃናት ለሚበሉበት ገበታ እንኳ አንዱን አታስቀሩ።

እሳቱን ቀንሱና ዱቄቱን በትኑበት። ያለማቋረጥ እያማሰላችሁ ሁለት ደቂቃ ቆዩ። በዚህ ጊዜ እያንዳንዱ የዱቄት ቅንጣት በቅቤ ይሸፈናል፤ የተሸፈነ ዱቄት ወተት ሲያገኝ አይጓጉልም። የጥሬ ዱቄት ሽታ ጠፍቶ የብስኩት ሽታ ሲመጣ ድስቱን ከእሳት አውርዱ።

ወተቱን በሦስት ጊዜ ጨምሩ። የመጀመሪያው አንድ ብርጭቆ ብቻ ነው፤ ጠንክሮ ሊጥ ሲሆን አትደንግጡ፣ እስኪለሰልስ በእንቁላል መምቻ ምቱት። ከዚያ ግማሹን፣ በመጨረሻም ቀሪውን። ወተቱ ቀዝቃዛ ወይም ለብ ያለ ይሁን። የሚፈላ ወተት በሚፈላ ዱቄት ላይ ሲደፋ የዱቄቱ ውጪ ወዲያው ይበስልና ውስጡ ደረቅ ሆኖ ይቀራል፤ ጉጉል የሚባለው ይኸው ነው። ከተጓጎለ ደግሞ ዕድሉ አላለፈም፦ ሽንኩርቱ ይበልጥ ቢደቅ ግድ ካላላችሁ በብሌንደር ምቱት፣ አለበለዚያ በወንፊት አጥልሉና አትክልቱን መልሱበት።

ወደ መካከለኛ እሳት መልሱና የድስቱን ግርጌ እየፋቃችሁ አማስሉ። ከ6 እስከ 8 ደቂቃ ባለው ጊዜ መፍላት ይጀምራል። የመጀመሪያው ፍል እንዳያታልላችሁ፤ ወፍሮ ቢታይም ዱቄቱ አልበሰለም። በአነስተኛ እሳት 5 ደቂቃ ጨምሩለት። ምላስ ላይ የሚቀር የዱቄት ጣዕም የሚጠፋው በእነዚህ 5 ደቂቃዎች ነው።

አሁን ዋናው ጥያቄ ውፍረቱ ነው። ለዓይናችሁ ቀጠነ የሚመስል መሆን አለበት፦ ከማንኪያ ሲፈስ እንደ አጥሚት የሚወርድ። የማንኪያውን ጀርባ በጣት ስትሰምሩት መስመሩ ሳይገናኝ ይቆይ፣ ከማንኪያው ግን ይፍሰስ። ማካሮኒው ኦቨን ውስጥ ብዙ ፈሳሽ ይጠጣል፤ ድስት ውስጥ ለመብላት የሚመች ሆኖ የተሠራ ስጎ ከኦቨን ሲወጣ ደርቆ በቢላ የሚቆረጥ ይሆናል። ከወፈረባችሁ ካስቀመጣችሁት የማካሮኒ ውሃ በጥቂት በጥቂቱ ጨምሩ።

ከእሳት አውርዳችሁ ገውዙን፣ ቁንዶ በርበሬውንና ጨውን ጨምሩ። ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው ለአንድ ሊትር ያንሳል ብላችሁ አትጨምሩ፤ ክራብ ስቲኩም ቺዙም የራሳቸው ጨው አላቸው። ለረመዳን ማፍጠሪያ የሚሠራ፣ በጾም ሰዓት መቅመስ የማይፈልግ ሰው ይህን ልክ አምኖ ቢሠራ አይጨምርበትም አያንስበትም። ቺዙን ፈቅፍቃችሁ ግማሹን አሁን አሟሙት። እሳት ላይ እየፈላ ከተጨመረ ቅባቱ ይለያል፣ ስጎውም ይሻክራል።

ሎሚ ስጎ ውስጥ አይገባም። ወተቱን ይቆርጠዋል። ቦታው ገበታ ላይ ነው።

መደርደር

መጋገሪያውን ቅቤ ቀቡ። ከስጎው ሩቡን ለይታችሁ አስቀምጡና በቀረው ማካሮኒውን ለውሱ። ከተለወሰው ግማሹን መጋገሪያው ላይ አንጥፉ። ክራብ ስቲኩን ከፍሪጅ አውጥታችሁ በእኩል በትኑበት፣ ከዳር ግን ሁለት ጣት ያህል ራቁ፤ የመጋገሪያው ዳር መጀመሪያ የሚግለውና ረጅም ጊዜ የሚፈላው ነው። ቀሪውን ማካሮኒ ከላይ አልብሱት፣ አንድም ቀይ ቁራጭ እንዳይታይ። ያስቀመጣችሁትን ስጎ አፍስሱ፣ ቺዙን በትኑ፣ በመጨረሻም በዘይት የታሸውን የዳቦ ፍርፋሪ።

ለጌጥ ብሎ ክራብ ስቲክ ላዩ ላይ መደርደር ፎቶ ላይ ያምራል፣ አፍ ላይ ግን ያሳዝናል። ስኳር ስላለበት ከቺዙ ቀድሞ ይጠቁራል፣ ይደርቃልም።

መጋገር

ኦቨኑን ቀድማችሁ 200 ዲግሪ ላይ አሙቁት። ከመካከለኛው መደርደሪያ አንድ ደረጃ ከፍ አድርጋችሁ አስገቡት። ስጎው ገና ትኩስ ከሆነ ከ20 እስከ 25 ደቂቃ ይበቃዋል፤ ዳሩ ሲንተከተክና ላዩ ሲቀላ ደርሷል። የምግብ ቴርሞሜትር ያለው መሃሉን ይለካ፤ 74 ዲግሪ ሲደርስ ያውጣው። ቀን ተደርድሮ ፍሪጅ የዋለ ከሆነ ደግሞ መጀመሪያ 15 ደቂቃ በፎይል ተሸፍኖ፣ ከዚያ 20 ደቂቃ ተገልጦ ይጋገር። ድሬዳዋ ላይ ይኸኛው መንገድ ይመረጣል፦ ምድጃ ላይ የሚሠራው ሁሉ በጠዋቱ ቅዝቃዜ ያልቃል፣ ኦቨኑ የሚበራው ፀሐይ ከገባች በኋላ ብቻ ይሆናል።

ሲወጣ 10 ደቂቃ ሳይነካ ይረፍ። ወዲያው ከተቆረጠ ስጎው ይፈሳል፤ ሲያርፍ ግን ስታርቹ ይረጋና ቁራጩ ቅርጹን ይይዛል።

መብራት ከሌለ፣ ወይም ኦቨን ከሌለ

ድፎ ዳቦ የጋገረ ሰው ይህን ያውቀዋል፦ እሳት ከታችም ከላይም። ወፍራም ሰፊ ድስት ውስጥ 2 ሴንቲ ሜትር ያህል ደረቅ አሸዋ ወይም ደረቅ ጨው አንጥፉ። ከወንዝ የመጣ አሸዋ ከሆነ ታጥቦ፣ ተነፍቶ፣ ፀሐይ ላይ ሙሉ በሙሉ መድረቅ አለበት፤ እርጥብ አሸዋ እንፋሎት ይለቅና ላዩን ያረጥበዋል። በአሸዋው ላይ ሦስት ትናንሽ ድንጋዮች አድርጉና ድስቱን ከድናችሁ 15 ደቂቃ አሙቁት። ከዚያ በአሉሚኒየም መጋገሪያ የተደረደረውን ምግብ ድንጋዮቹ ላይ አሳርፉ። መስታወት መጋገሪያ ለዚህ አይሆንም፣ ይሰነጠቃል።

ከሰሉን አንድ ሦስተኛ ከታች፣ ሁለት ሦስተኛ በብረት ክዳኑ ላይ አድርጉ። ብዙ ሰው ተቃራኒውን ያደርግና ታቹ አሮ ላዩ ነጭ ሆኖ ያገኘዋል። 35 ደቂቃ ገደማ ይወስዳል። በየ10 ደቂቃው ክዳኑን ማንሳት ሙቀቱን ያባክናል፤ 25ኛው ደቂቃ ላይ አንዴ እዩ። ይህ ሥራ ግቢ ውስጥ ወይም በረንዳ ላይ ነው፤ በተዘጋ ክፍል የከሰል ጢስ ሰው ይገድላል።

ዳቦ ቤት የሚያጋግርላችሁ ካለ ምድጃቸው ከቤት ኦቨን የበለጠ ስለሚግል በፎይል ሸፍናችሁ ላኩትና መጨረሻ ላይ ለ5 ደቂቃ ብቻ እንዲገልጡት ንገሩ።

ካልተሳካ

ሲቆረጥ ከሥሩ ውሃ የሚወጣ ከሆነ ክራብ ስቲኩ በደንብ ሳይቀልጥ ወይም ሳይደርቅ ገብቷል፤ አለበለዚያ ማካሮኒው በሚገባ አልተጠለለም። ስጎውን በማወፈር የሚታረም አይደለም፤ ውሃውን ከምንጩ መከልከል ነው።

ደርቆ የተጋገረ ከሆነ ስጎው ሲገባ ወፍሮ ነበር፣ ወይም ማካሮኒው ከ300 ግራም በላይ ነበር። ብዙ ሰው ለማብቃቃት የሚጨምረው ማካሮኒውን ነው፤ 100 ግራም ማካሮኒ ስትጨምሩ 300 ሚሊ ሊትር ወተትና ከ18 እስከ 20 ግራም ቅቤና ዱቄት አብሮ ካልተጨመረ ምግቡ ይታነቃል። ማብቃቃት ከተፈለገ ድንች ይሻላል፤ በሐረርጌ ድንች አይጠፋም፣ ፈሳሽም እንደ ማካሮኒ አይጠጣም። 300 ግራም ቀቅላችሁ በስሱ ቁረጡና ከመጋገሪያው ሥር አንጥፉት።

ጣፋጭ ጣፋጭ ካለ ሎሚና ቢስባስ ያስተካክሉታል፤ በሚቀጥለው ጊዜ ግን ካሮቱን አስቀሩና ቃሪያውን ሦስት አድርጉት። ላዩ ሳይቀላ መሃሉ ከደረሰ፣ ፍርፋሪውን በመጥበሻ ለብቻው ቆልታችሁ ከላይ በትኑት፤ ላዩን ለማቅላት ተብሎ ምግቡን ሌላ 15 ደቂቃ ማቆየት ክራብ ስቲኩን መግደል ነው።

ክራብ ስቲክ ካልተገኘ

እያንዳንዳቸው ከ160 እስከ 185 ግራም የሆኑ ሁለት ጣሳ ቱና ይተኩታል። በዘይት የታሸገ ከሆነ ዘይቱን አትድፉት፤ ለክታችሁ በቅቤው ቦታ አስገቡት፣ የስጎው ጣዕም ከመሠረቱ ዓሣ ዓሣ ይላል። በውሃ የታሸገውን ግን ጨምቃችሁ አድርቁት። ቱና ጣፋጭ ስላልሆነ አንድ ቃሪያ ይበቃል፣ ጨው ግን እንደ ምርቱ ስለሚለያይ ቀምሳችሁ ወስኑ። እሱም የበሰለ ነውና የመደርደሩ ሥርዓት አይለወጥም፦ መሃል ላይ፣ ተሸፍኖ። ትኩስ ቆሮሶ ዓሣ ያገኘ ሰው ደግሞ 350 ግራም አጥንት የሌለው ሥጋ በጨው ውሃ 5 ደቂቃ ቀቅሎ፣ አድርቆ፣ ሰፋ ሰፋ አድርጎ ፈልፍሎ ይጠቀም። ዓሣው የተቀቀለበትን ውሃ 200 ሚሊ ሊትር ያህል በወተቱ ቦታ ማስገባት ወጪም ይቀንሳል፣ ጣዕምም ይጨምራል።

የተረፈው

ከገበታ እንደተነሳ ወደ ፍሪጅ። ፍሪጁ በትክክል የሚያቀዘቅዝ ከሆነ ሁለት ቀን፣ ቢበዛ ሦስት ቀን ይቆያል፤ መብራት ለረጅም ሰዓት ከጠፋ ግን መጣል ነው፣ ሽታ እስኪመጣ አይጠበቅም። ሲሞቅ በአንድ ቁራጭ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ወተት ከዳር አፍስሱ፣ በፎይል ሸፍኑና መሃሉ እስኪተን ድረስ በ160 ዲግሪ አሙቁ፤ በመጥበሻ ከሆነ ከድናችሁ በጣም አነስተኛ እሳት ላይ። ፍሪዘር ውስጥ አታስገቡት። በዱቄት የወፈረ ስጎ ሲቀልጥ ውሃው ይለያል፣ ክራብ ስቲኩም ስፖንጅ ይሆናል።